አራት ደቂቃ ከአሥራ አንድ ሰከንድ

ለውድ እህቴ ለእታለም ከሪማ፣ ጅዳ

አሰላሙ ዐለይኪ ወረሕመቱላሂ ወበረካቱህ። ከኮምቦልቻ ሙቀት ተነስቶ፣ የሐረጎን ጠመዝማዛ ወጥቶ፣ የደሴን ብርድ ደርቦ ቀይ ባሕርን የሚሻገር ሰላምታ ይድረስሽ። እንዴት ነሽ? ጉልበትሽስ እንዴት ነው? ሐኪሙ ያዘዘልሽን እንቅስቃሴ በየቀኑ ትሠሪያለሽ ወይስ እንደ ወትሮሽ «ዛሬ ደክሞኛል» እያልሽ ታልፊዋለሽ? ስኳርሽን ትለኪያለሽ? የለካሽውንስ ትጽፊያለሽ? ካልጻፍሽው እንዳልለካሽ ቁጠሪው። ልጅሽ ሱሀይላ ደህና ናት? የልጅ ልጆችሽ አማርኛስ እንዴት ሆነ? ባለፈው ትንሹ በስልክ «አጎቴ፣ ለምን ትጮሃለህ?» ያለኝን አልረሳሁም። አልጮህኩም ነበር፤ ድምፄ ነው።

እኛ አልሐምዱሊላህ ደህና ነን። ክረምቱ ልክ ነበር፤ አልበዛም አላነሰም። ባለቤቴ ፋኢዛም ደህና ናት። እኔም ያው ፋብሪካዬ ነኝ፤ ቀኑን ሙሉ ጨርቅ ዘርግቼ ነጠብጣብና የተዘለለ ክር ስፈልግ እውላለሁ፤ ቤት ስገባ ደግሞ፣ ፋኢዛ እንደምትለው፣ ሰው ዘርግቼ እፈልጋለሁ። ጡረታዬ ሁለት ዓመት ቀርቶታል። እሷ ከአሁኑ ፈርታዋለች።

የዛሬ አሥር ቀን፣ እሑድ ስትደውዪ፣ «ደህና ነን፤ ደብዳቤ ጠብቂ» ብዬ ዘግቼብሻለሁ። ተቆጥቶ ነው እያልሽ ስትብሰለሰዪ እንደሰነበትሽ አውቃለሁ። አልተቆጣሁም። በዚህ ዓመት ሳልቆጣ የዋልኩት ቀን ቢኖር ያ ቀን ነው፤ እሱም ከሰዓት በኋላ ያለውን ብቻ ከቆጠርን። ዝም በል ያለችኝ እማዬ ናት። «በስልክ ስትነግራት እሷ ታለቅሳለች፣ አንተ ትጮሃለህ፣ ነገሩ መሐል ላይ ይቀራል። ጻፍላት፤ ወረቀት ላይ ትያዘው» አለችኝ። ጎረቤታችን ሂሻም ለዑምራ ሊሄድ ነውና ይኸው እሱ ይዞልሽ ይመጣል።

የምትጠብቂው ምን እንደሆነ አውቃለሁ። በደወልሽ ቁጥር ስለ ዝናቡም ስለ ልጆቹም ጠይቀሽ ስትጨርሺ ድምፅሽ ዝቅ ይልና «እማዬስ… ምን አለች?» ትያለሽ። ስለ ጤናዋ እየጠየቅሽ እንዳልሆነ ሁለታችንም እናውቃለን። በ1966 ተዋናይ እሆናለሁ ብለሽ ለአዲስ አበባው አውቶቡስ ስትወጪ፣ እማዬ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ «ወላሂ፣ ለዚህ መንገድሽ ዱአ ከአፌ አይወጣም» ብላ ማለች። ከዚያ ቤት ሳይመረቅ የወጣ መንገደኛ አንቺ ብቻ ነሽ። እኔ ዩኒቨርሲቲ ስገባ መዳፏን ዘርግታ መርቃኛለች። ወታደር ቤት የሄደውን የጎረቤት ልጅ መርቃለች። መንገድ ጠፍቶት ውሃ ሊጠጣ የገባ የጭነት መኪና ሾፌር እንኳ ተመርቆ ነው የወጣው። በ1999 አባታችንን ቀብረሽ ወደ ጅዳ ስትመለሺ ግን ግንባርሽን ሳመች፣ «ጤና ይስጥሽ» አለችና ወደ ጓዳ ገባች። አንቺ ደጃፉ ላይ ትንሽ ቆመሽ ጠበቅሽ። አይቼሻለሁ።

ክፉ ሆና አይደለም፤ የማለችውን የማታጥፍ ሴት ስለሆነች ነው። ይህን ጠባይ ከየት አመጣኸው የሚሉኝ ሰዎች መልሱን እዚያ ያግኙት።

ነገሩ የጀመረው ኪዳኑ ቤት ነው። ኪዳኑን ታስታውሺዋለሽ፤ ኮምቦልቻ ሲኒማ ቤት በነበረ ጊዜ ማሽኑን የሚያንቀሳቅሰው ሰውዬ። አሁን ሰማንያ ሞልቶታል። ሲኒማ ቤቱ ሲዘጋ አምስት ቆርቆሮ ፊልም ወደ ቤቱ ወስዶ አልጋው ሥር አስቀምጦ ኖሯል። ዘንድሮ ባለቤቱ እየሩስ «አልጋው ሥር የሞተ ነገር ይሸታል፤ ወይ እኔ ልውጣ ወይ ቆርቆሮዎቹ ይውጡ» አለችው። እሱ ደግሞ ኬሚስትሪ መማሬን ያውቃልና እኔን ጠራኝ። ክዳኑን ስከፍተው ኮምጣጤ ሸተተኝ። የሞተ ነገር የለም፤ ፊልሙ ነው መበላሸት የጀመረው። «ይሄ ጥቂት ዓመት ቢቆይ ኖሮ ሙጫ ይሆን ነበር» አልኩት። ከዚያ ጽሑፉን አየሁት፦ «ቦርከና ማዶ፣ 1971 ዓ.ም.»። አንቺ ያለሽበት ፊልም ነው። የእየሩስ አልጋ ላይ ቁጭ አልኩ። እሷ «ደግሞ ይሄኛው ምን ሆነ?» አለች።

እታለም፣ ስላንቺ የምጽፍበት ደብተር እንዳለኝ ነግሬሽ አላውቅም። በየስልኩ እያዋዛሁ የጠየቅኩሽን ሁሉ እሱ ላይ አስፍሬያለሁ። አሥራ አንድ የቴሌቪዥን ድራማ ሠርተሻል። በሰባቱ የቤት ሠራተኛ ነሽ። ሁለት ጊዜ ጎረቤት ሆነሻል፣ አንዴ ነርስ፤ አንዴ ደግሞ ፍርድ ቤት ቆማ «አላየሁም ጌታዬ» ብላ የምትወርድ ምስክር። ከአሥራ አንዱ የተረፈ አንድም የለም። በቀጥታ ነበር የሚተላለፈው ብለሽኛል፤ የተሳሳተ ተሳስቶ ይቀራል፣ ያማረለትም አምሮለት ይቀራል። አልፎ አልፎ የተቀዳ ካለም በላዩ ላይ ስለ ከብት እርባታ ተቀድቶበታል። ለሚመለከታቸው አራት ጊዜ ጽፌ ጠይቄያለሁ፤ አራት ጊዜ በትሕትና የለም ብለውኛል። በትሕትና ሲሆን ይበልጥ ያናድደኛል፤ መልሰው የሚጮኹበት ቦታ አይገኝም። እንግዲህ ኪዳኑ አልጋ ሥር የነበረው በዚህ ምድር ላይ አንቺ ስትሠሪ የሚያሳየው ብቸኛው ነገር ነው።

ደሴ ውስጥ ስለሺ የሚባል ወጣት አለ። ከጓደኞቹ ጋር ሆኖ የድሮ ፊልሞችን እያሰባሰበ ያሳያል። ቆርቆሮዎቹን በጉልበቱ ላይ እንደ ሕፃን ታቅፎ አዲስ አበባ ወሰዳቸው፣ አስጸዳቸው፣ ወደ ኮምፒውተር አስገለበጣቸው። በሁለት ወር ጨርሶ መጣ። ሥራው ነቀፌታ የለበትም፤ ፈልጌ አጣሁ። ከዚያ ግን እዚህ ደሴ ፒያሳ ላይ ፖስተሩን ሰቀለ። አነበብኩት። ደግሜ አነበብኩት። የአምስት ሰው ስም አለ፤ የእናትየዋ፣ ያንቺ፣ የለም።

ቢሯቸው ድረስ ሄድኩ። ስለሺ «ጋሼ ሙንዚር፣ ዋና ዋናዎቹን ብቻ ነው የጻፍነው፤ ቦታ የለም እኮ» አለኝ። «እናትየዋ ዋና ካልሆነች የማን ልጅ ነው ታዲያ ያ ዋናው?» አልኩት። «ጋሼ፣ አራት ደቂቃ ነው ያለችበት» አለ። «አራት ደቂቃ ከአሥራ አንድ ሰከንድ!» ብዬ ጮህኩ። ሰዓት ይዤ ለክቼዋለሁ፣ ሦስት ጊዜ። ልጁ ማርከሩን ከጠረጴዛው አንስቶ ሰጠኝ። ደሴ ውስጥ የተለጠፉትን አሥራ ዘጠኝ ፖስተሮች በእግሬ እየዞርኩ ከሁሉም ሥር «እናት፦ ከሪማ ሰዒድ» ብዬ ጻፍኩ። ሸዋ በር ላይ አንዲት ሻይ ሻጭ «አባት፣ ምን እያደረጉ ነው?» አለችኝ። «ስህተት እያረምኩ ነው» አልኳት።

ስህተቱ የነሱ ብቻ አይደለም። ይህንንም ነግሬሽ አላውቅም። ቴሌቪዥን ደሴ የገባ ሰሞን በቀበሌው አዳራሽ ተሰብስበን ስናይ፣ አንቺ ትሪ ይዘሽ ገብተሽ፣ ትሪውን አስቀምጠሽ ወጣሽ። በማግሥቱ ትምህርት ቤት «የትሪዋ ወንድም» ይሉኝ ጀመር። እኔም «ስም ተመሳስሎ ነው፤ እህቴ አይደለችም» አልኩ። ዘጠነኛ ክፍል ነበርኩ። ስለሺ ላይ እንደዚያ የጮህኩት በስለሺ ብቻ ተናድጄ እንዳልሆነ አንቺ ይገባሻል። ይቅር በዪኝ።

ቀጥሎ እማዬን መውሰድ ነበር። ማታለል አልወድም፤ ቀጥታ ነገርኳት። ከሪማ ያለችበት ፊልም እሑድ ስምንት ሰዓት ይታያል፣ እወስድሻለሁ አልኳት። «በዘጠና ዓመቴ ሲኒማ ቤት? ለዚያውም እሷን?» አለችና ሙሰበሓዋን አነሳች፤ ወሬው አልቋል ማለት ነው። የዱአ ጓደኛዋ እመት ፈትሂያ እዚያው ተቀምጣ ነበር። «እኔ እሄዳለሁ» አለች። «አብረውን ዱአ የሚያደርጉትን ዱበርቲዎች በሙሉ ይዤ እሄዳለሁ። አንቺ ቅሪ። ግን ስመለስ ምን አየሽ ብለሽ እንዳትጠይቂኝ፤ ወላሂ አልነግርሽም።» እማዬ ሦስት አራት ዶቃ ቆጠረች። ከዚያ «ሻሼን አቀብለኝ» አለችኝ። «እንዳትወድቂ ብዬ ነው» አለቻት ፈትሂያን።

በዚህ ዓይነት አሥራ ሁለት ዱበርቲ በሁለት ባጃጅና በአንድ ሚኒባስ ተጭነው አዳራሹ ደረሱ። ሁሉም ነጫቸውን ለብሰዋል። የፊተኛውን ረድፍ ሞሉት። ኪዳኑ ከኮምቦልቻ ኮትና ክራቫት አድርጎ መጥቷል፤ ማሽን ሳይኖር ከላፕቶፕ ሊያሳዩ መሆኑን ሲያይ ግን አኩርፎ ጥግ ያዘ።

የእማዬ ዓይን አሁን ጥላ ነው የሚያየው። ስለዚህ ፊልሙ እንደጀመረ «የትኛዋ ናት?» አለች። «ገና አልመጣችም» አልኳት። አንዲት ሴት ብቅ ባለች ቁጥር «ይቺ ናት?» ትላለች። እመት ፈትሂያ ደግሞ ጮክ ብላ ትተረጉምላታለች፦ «አሁን ባቡር… አይ፣ መኪና ነው። አሁን ሁለት ሰዎች ተጣሉ። ጥፋቱ የረጅሙ ነው።» ከኋላ «እስቲ ዝም በሉ፣ እናቶች!» የሚል ድምፅ መጣ። ፈትሂያ ዞር ብላ «አንተ ታያለህ፣ እሷ አታይም! አላህ ዓይንህን ያቆይልህ፣ ዝም በል!» አለችው። ተመረቀም ተሰደበም፣ ዝም አለ።

ሃምሳ ሦስተኛው ደቂቃ ላይ አንቺ መጣሽ። ሃያ ስድስት ዓመትሽ ነበር፤ ፀጉርሽ ላይ ዱቄት ነስንሰው፣ ግንባርሽ ላይ በከሰል መስመር አስምረው አሮጊት አድርገውሻል። ልጅሽ ሆኖ የሚሠራው ሰው በአምስት ዓመት እንደሚበልጥሽ ነግረሽኛል። ልጁ ፋብሪካ ሊቀጠር ከገጠር ሊወጣ ነው። የፊልሙ ድርሰት ላይ «እናትየዋ ትመርቀዋለች» ብቻ ይላል፤ ዳይሬክተሩም እናት የምትለውን አንድ ነገር በይ ብሎሽ ነበር። ደጃፉ ላይ ቆምሽ። መዳፍሽን ዘረጋሽ። «ሂድ። መንገዱ ይጥራልህ» አልሽ።

ያኔ አዳራሹ ተናጋ። አሥራ አንድ ዱበርቲ በአንድ አፍ «አሚን!» አሉ። ዱአ ተባለ አይደል? ዱአ ሲባል ደግሞ አሚን ነው የሚባለው፤ ፊልም ይሁን ምን ይሁን ማን አስቦት! መዳፋቸው ሁሉ ወደ ላይ ነው። አንቺ ከመጋረጃው ላይ ትመርቂያለሽ፣ እነሱ ከታች ይቀበላሉ። «የረገጥከው ይለምልም»፤ አሚን! «ከክፉ ዓይን፣ ከክፉ ቃል ይሰውርህ»፤ አሚን! ከኋላ ያሉት ወጣቶች መጀመሪያ ሳቁ። በሦስተኛው አሚን ላይ እነሱም መዳፋቸውን ዘርግተው ነበር። በላቸው የሚባለው የአዳራሹ ዘበኛ፣ የሚካኤል ሰው፣ ከበሩ ላይ «አሜን፣ አሜን» ይላል።

እኔ የማየው ፊልሙን አልነበረም፤ የእማዬን እጅ ነበር። ነጠላዋ ውስጥ ጨብጣዋለች። አልዘረጋችም። መሐላ አለባት። አንቺም የመጨረሻውን አልሽ፦ «እንደ ጦሳ ጭጋግ ሄደህ ተመለስ።»

ይህን ከእማዬ በቀር የሚል ሰው በወሎ ምድር የለም፤ ጠዋት የተገለጠው ጭጋግ ማታ ተመልሶ ተራራው ላይ ሲተኛ እያየች ያወጣችው የራሷ ነው። እማዬ ከወንበሯ ተነሳች። ያላንዳች ድጋፍ ነው የተነሳችው፣ እታለም። በአዳራሹ ሁሉ በሚሰማ ድምፅ «ይቺ ሌባ!» አለች። «የኔን ዱአ! እኔ የከለከልኳትን! ሰርቃ ይዛው ሄዳለች ለካ!» ሰዉ በሳቅ ፈረሰ። እሷ ራሷ ትስቃለች፣ እንባዋ ደግሞ በአገጯ ላይ ይወርዳል። ከዚያ ወደ እኔ ዞር ብላ «መልሱልኝ» አለች። «ድጋሚ ትበል።»

ስለሺን አየሁት፤ እሱ ከኔ በፊት ላፕቶፑ ጋ ሮጧል። ኪዳኑ ከጥጉ «በኔ ጊዜ ፊልም መልስ ያለ ሰው ከአዳራሽ ይወጣ ነበር» አለ፤ ወዲያው ደግሞ «ትንሽ ወደፊት አድርገው፣ አለፍከው!» እያለ ተነሥቶ ልጁን ያዝዘው ጀመር። ፊልሙ ተመለሰ። ደጃፉ ላይ ቆምሽ፣ መዳፍሽን ዘረጋሽ። እማዬም ቆማ እጇን ከነጠላዋ አወጣች፤ ዘረጋችው። አንቺ ልጅሽን ስትመርቂ እሷ ከሥር ከሥርሽ አንቺን መረቀችሽ፤ ስምሽን ጠርታ፣ አንድ ቃል ሳታስቀር። አዳራሹ በሙሉ ተቀበለ። ስለሺ በስልኩ ቀርጾ ነበር፤ ነገር ግን ከአሚኑ በቀር ምንም አይሰማበትም፣ የሚታየውም የሰው ጀርባ ነው። እንዲህ ዓይነቱን ቀረጻ ፋብሪካችን ቢሆን ወደ ብጣሽ ክምር ነበር የምወረውረው። ስለሺን ግን አልተቆጣሁትም። አቅፌዋለሁ። ፋኢዛ ምስክር ናት።

ይህ አለቀ ብለሽ እንዳታስቢ። በማግሥቱ እማዬ «መሐላዬን አፍርሻለሁ፤ ከፋራ አለብኝ፤ ሦስት ቀን እፆማለሁ» አለች። በዘጠና ዓመቷ! ሐጅ ሙሄዲንን ጠራሁ። እሳቸውም መጀመሪያ የሚቀድመው አሥር ሚስኪን ማብላት ነው፣ ጾም ለዚያ አቅም ለሌለው ነው ብለው ገላገሉኝ። እማዬ ግን «ሃምሳ ሁለት ዓመት የቆየ መሐላ ነው፤ አሥር ሰው አይሸከመውም። ሃያ ይሁን» አለች። ሸሪዓው አሥር ነው የሚለው፣ አንድም ሳይጨምር፣ ብዬ ተከራከርኩ። «አንተ በጨርቅህ ላይ ፍረድ» አለችኝ። ዓርብ፣ ከጁሙዓ በኋላ፣ ሃያ ሰው በላ። ፋኢዛና የጎረቤት ሴቶች ሥጋ በሩዝ ሠሩ። እማዬ ከአንዱ ወደ አንዱ እየዞረች ለምን እንደሚበሉ ስታስረዳ ዋለች፦ «ልጄ ተዋናይ ናት። ዱአዬን ሰርቃኝ ነው።» የበላው ሁሉ መርቆሽ ነው የሄደው። ልጄ ተዋናይ ናት። በዚህ ጆሮዬ ሰማሁት።

አሁን እማዬ አጠገቤ ተቀምጣ ቃል በቃል እያስጻፈችኝ ነው። ጽፌ ሳነብላት ሁለት ቦታ አርማኛለች። እንዲህ ትልሻለች፦

«ሂጂ ከሪማ። መንገዱ ይጥራልሽ። የረገጥሽው ይለምልም፤ የያዝሽው ይባረክ። ከክፉ ዓይን፣ ከክፉ ቃል ይሰውርሽ። ብትርቢ የሚያጎርስሽ፣ ብትታመሚ የሚያስታምምሽ አትጪ። ያስወጣሽ በር ይመልስሽ። እንደ ጦሳ ጭጋግ ሄደሽ ተመለሽ።»

«ከሄደች ሃምሳ ሁለት ዓመቷ ነው፤ አሁን ሂጂ ትያታለሽ?» አልኳት። «ዱአ ወደኋላም ይደርሳል፤ አንተ ጻፍ» አለች። የመጨረሻውን ግን ወደፊት ያዥው፤ ለረመዳን ነይ። ጉልበትሽ ለሐረጎ መንገድ እንዲበረታ ያንን እንቅስቃሴ ሥሪ።

ፋኢዛ ትስምሻለች። እመት ፈትሂያ «እኔ ባላስነሣት ኖሮ አትሄድም ነበር፤ ይጻፍልኝ» ብላለች፤ ጽፌያለሁ። ኪዳኑና እየሩስ ሰላም ብለውሻል፤ ቆርቆሮዎቹ አሁን የኔ ቤት ናቸው፣ ፋኢዛም ማሽተት ጀምራለች። ስለሺ ከዚህ ጋር አንድ ፖስተር ልኮልሻል፤ አዲስ የታተመ ነው፣ ስምሽ ከላይ ነው፣ በማርከር አይደለም። ለሱሀይላና ለልጆቹ ሰላምታዬን አድርሺልኝ፤ ትንሹን አጎትህ አይጮህም በዪልኝ። እማዬ ደግሞ ሌላ ሰላምታ የላትም፤ ያላት አንድ ትእዛዝ ነው። ዱአው እንዲያዝ ተቀባይ ያስፈልገዋል። ስለዚህ ይህን እንዳነበብሽ ወረቀቱን አስቀምጪ፣ ደጃፍሽ ላይ ቁሚ፣ ሁለቱንም መዳፍሽን ዘርጊና ድምፅሽን ከፍ አድርገሽ አሚን በዪ። ከዚያ ደውዪና አልኩ በያት። ስልኩን ጉልበቷ ላይ አድርጋ እየጠበቀች ነው።

ወንድምሽ
ሙንዚር ሰዒድ
ደሴ፣ እማዬ ቤት
ጥቅምት 19 ቀን 2018 ዓ.ም.